ማን ይውደቅ? ስለ ኮሜዲያችንና ስለ ትችቱ

በሰሚት ለአካባቢው ነዋሪዎች የቀረበ፣ ለኅትመት የተስተካከለ ንግግር

እሑድ ከሰዓት ለሰሚት ሰው ለቅሶ የሚደረስበት፣ ዕድር የሚሰበሰብበት፣ የሳምንቱ ልብስ የሚታጠብበት ጊዜ ነው። ያን ሁሉ ትታችሁ ስለ ሳቅ የሚያወራ ሰው ልትሰሙ በመምጣታችሁ አመሰግናለሁ። የጋበዙኝ ወጣቶች ስለ አስቂኝ ፊልምና ቴአትር እንድናገር፣ ስናገርም እንዳስቅ ጠይቀውኛል። የመጀመሪያውን እሞክራለሁ። ለሁለተኛው ቃል አልገባም፤ ስለ ሳቅ የሚያስተምር ሰው ሲያስቅ እምብዛም አላየሁም።

የዛሬው ዓላማዬ አንድ ጥያቄ አንስቶ ከእናንተ ጋር ማገላበጥ ነው። በኮሜዲ ውስጥ ሰው ይወድቃል። ይደናቀፋል፣ በር ግንባሩን ይለዋል፣ ወንበሩ ከሥሩ ይሸሻል፣ የደበቀው ነገር በሰው ፊት ከኪሱ ዱብ ይላል። እኛም ሆዳችንን ይዘን እንስቃለን። የወደቀው ሰው ማን እንደሆነ ግን ብዙ ጊዜ አንጠይቅም። እኔ የአንድ ኮሜዲ ማኅበራዊ ትችት ስለቱ የሚታወቀው በዚህ ነው እላለሁ፤ ማንን ጣለ? ከላይ ያለውን ነው? ራሱን ተመልካቹን ነው? ወይስ ድሮውንም መሬት ላይ የነበረውን?

ንግግሬ ሦስት ክፍል አለው። በመጀመሪያው መውደቅ እንዴት ትችት እንደሚሆን አሳያለሁ። በሁለተኛው በአገራችን መድረክ ላይ የቀረቡ ሥራዎችን አነሳለሁ፤ አንደኛው በባለሥልጣን ቁጣ የታገደ፣ ሌሎቹ እስከ ዛሬ ስማቸው የሚነሳ ናቸው። በሦስተኛው ወደ ፊልማችንና ወደ ቴሌቪዥናችን፣ በመጨረሻም ወደ እናንተው ደጃፍ እመጣለሁ።

እንጀምር። ሕፃን ሲወድቅ ማንም አይስቅም፤ ሁላችንም እንደነግጣለን። አሮጊት ስትወድቅ ሮጠን እናነሳለን። ሙሉ ልብሱን ግጥም አድርጎ፣ ጫማውን አስጠርጎ፣ ሰላምታችንን በአገጩ ተቀብሎ ያለፈ ሰው ሲያዳልጠው ግን ሳቃችን ቀድሞን ያመልጣል፤ «እኔን!» የሚለው ቃል ዘግይቶ ይመጣል። መሬቱ ያው መሬት ነው። ሳቁን ያመጣው ሰውየው ለራሱ የሰጠው ከፍታ ነው። ሰው ሠራሽ ከፍታ ባለበት ሁሉ መውደቅ ያስቃል፤ ሳቁም ከፍታው ሰው ሠራሽ እንደነበር ይመሰክራል። በአካል የሚሠራ ቀልድ፣ ያ ብዙ ጊዜ የልጆች ጨዋታ ነው ተብሎ የሚናቀው፣ ጉልበቱ ከዚህ ይመነጫል።

ይህን ከቻርሊ ቻፕሊን በላይ የተረዳ ሰው ማግኘት ያስቸግራል። «ታላቁ አምባገነን» የተባለው ፊልሙ በኒው ዮርክ ለሕዝብ ሲከፈት በእኛ አቆጣጠር ጥቅምት 1933 ዓ.ም. ነበር። አዲስ አበባ ገና በፋሺስት እጅ ናት። በፊልሙ ውስጥ ሁለት አምባገነኖች አሉ። አንዱ ሂንክል ነው፤ ሂትለርን ይመስላል፣ የሚጫወተውም ቻፕሊን ራሱ ነው። ሌላው ናፓሎኒ ነው፤ ጃክ ኦኪ የተጫወተው፣ ደረቱን ነፍቶ አገጩን ወደ ሰማይ የቀሰረ፣ ማን እንደሆነ ለኢትዮጵያዊ ተመልካች ማስረዳት የማያስፈልግ ሰው።

ናፓሎኒ ለጉብኝት በባቡር ይመጣል። ቀዩ ምንጣፍ ተዘርግቷል፣ ሂንክል ቆሞ ይጠብቃል። ባቡሩ ግን የእንግዳው በር ከምንጣፉ ፊት ሳይገጥም ይቆማል። እንግዳው ምንጣፍ በሌለበት እግሬን አላሳርፍም ይላል። አሽከሮች ምንጣፉን ተሸክመው ወደ በሩ ሲሮጡ ባቡሩ ይንቀሳቀሳል። ምንጣፉ ሲከተል ባቡሩ ወደ ኋላ ይመለሳል። ዓለምን ሊከፋፈሉ የተቀጣጠሩ ሁለት ጌቶች በአንድ ቁራጭ ጨርቅ ምክንያት መጨባበጥ አቃታቸው።

ቤተ መንግሥት ከገቡ በኋላ ደግሞ የወንበር ጣጣ ይመጣል። የሂንክል አማካሪ እንግዳው ከታች ወደ ላይ እያየ እንዲያወራ በጣም ዝቅ ያለ ወንበር ያስቀምጥለታል። ናፓሎኒ ወንበሩን ትቶ ጠረጴዛው ላይ ጉብ ይላል። ቀጥሎ ሁለቱም ጢም ሊላጩ ጎን ለጎን በፀጉር አስተካካይ ወንበር ላይ ይቀመጣሉ። ወንበሩ በእጀታ ከፍ ይላል። አንዱ ወሬውን ሳያቋርጥ በስውር እጀታውን ስቦ ትንሽ ከፍ ይላል። ሌላው አይቶ እንዳላየ ሆኖ እሱም ይስባል። ከፍ፣ ደግሞ ከፍ። ፊታቸው ላይ ጨዋነት አለ፤ እጃቸው ግን ሥራ ላይ ነው። በመጨረሻ ጣሪያው ይደርሳል፤ ከጣሪያው በላይ ደግሞ መንገድ የለም።

በዚህ ትዕይንት ውስጥ ፋሺዝም ክፉ ነው ብሎ የሚሰብክ የለም። የምናየው ሁለት ጎልማሶች እንደ ሕፃን በወንበር ሲፎካከሩ ብቻ ነው። ሥልጣን የተባለው ነገር አንድ ክንድ ከፍታ ለማግኘት የሚደረግ ጭንቀት እንደሆነ ግን ማንም ሳይነግረን ገባን። ሠርግ ቤት ገብቶ ማን ፊተኛው ሶፋ ላይ እንደተቀመጠ በዓይኑ የለካ ሰው ሁሉ ይህን ቀልድ ያለ አስተርጓሚ ይረዳዋል።

አንድ ነገር ልጨምርና ከዚህ ልለፍ። ፊልሙ በጥቅምት 1933 ዓ.ም. ተከፈተ፤ ንጉሠ ነገሥቱ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. አዲስ አበባ ገቡ። በፈረንጆቹ አቆጣጠር ሁለት የተለያዩ ዓመታት ናቸው፤ በእኛ ግን አንድ ናቸው። ሙሶሊኒ በሸራ ላይ መሳቂያ በሆነበት ዓመት በአዲስ አበባም ተሸነፈ። ፊልም አገር ነፃ አያወጣም፤ ነፃ ያወጡት አርበኞችና አጋሮቻቸው ናቸው። ሳቁ ያደረገው ሌላ ሥራ ነው። የማይደፈር መስሎ የቆመውን ሰው የሚደፈር አድርጎ አሳየ።

ይህ ብልሃት ለእኛ እንግዳ አይደለም። ሲኒማ በአገራችን ሳይስፋፋ በፊት የኖሩት አለቃ ገብረ ሐና በቅኔያቸውና በዝማሬ አቋቋም የተከበሩ ሊቅ ነበሩ፤ የተክሌ አቋቋም የተባለው በልጃቸው ስም የሚጠራው ስልት ከእሳቸው የፈለቀ ነው። ሕዝቡ ግን ከሊቅነታቸው ይልቅ ቀልዳቸውን ይዞ ቀረ። በስማቸው የሚነገረው ሁሉ የእሳቸው ላይሆን ይችላል፤ አገር ያፈራውን ቀልድ ሁሉ በእሳቸው ትከሻ ላይ ጭኖታል። በእነዚያ ቀልዶች ውስጥ ማን ይወድቃል? ባለርስቱ፣ ስስታሙ ጋባዥ፣ የቤተ መንግሥት ሰው፣ አንዳንዴም እቴጌ ጣይቱ ራሳቸው። ብዙ ጊዜ ደግሞ አለቃ ራሳቸው በገዛ ምላሳቸው ጣጣ ውስጥ ይገባሉ። ወደ ላይ መቀለድና ራስን አለማስቀረት፣ ይህ የአገራችን የቀልድ ወግ ነው። የመጀመሪያውን ክፍል በዚህ ልዝጋና ወደ መድረኩ ልሻገር።

በአማርኛ የተጻፈው የመጀመሪያው ዘመናዊ ቴአትር ኮሜዲ መሆኑን ስንቶቻችን እናስታውሳለን? ጸሐፊው በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ናቸው። ከአድዋ ድል በኋላ በልጅነታቸው ወደ ሩሲያ ተወስደው፣ የጦር ትምህርት ተምረው፣ አውሮፓን አይተው የተመለሱ ሰው። በአገራቸው ቴአትር ተብሎ የሚቀርበው ዘፈንና ጭፈራ ብቻ መሆኑን ቢያዩ ቴአትር ምን እንደሆነ ላሳይ ብለው «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮሜዲያ»ን ጻፉ። ጊዜው የንግሥት ዘውዲቱ ዘመን ነው። ባለታሪኮቹ እንስሳት ናቸው፤ ነገሩ የላፎንቴንን ተረቶች ይከተላል። ተመልካቾቹ ግን መሳፍንትና መኳንንት ነበሩ።

እንስሳት ናቸው ብሎ ያመነ አልነበረም። አስተዳደሩን፣ ጉቦውን፣ የሹማምንቱን አኗኗር እንደሚወጋ ሁሉም ገባው። ቴአትሩ ታገደ፣ የታተመው መጽሐፍ ተለቀመ፤ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ እስኪነግሡ ድረስ ዘመናዊ ቴአትር አንገቱን ደፍቶ ቆየ።

የአውሬው ጭምብል ለምን አልሸፈናቸውም? በአደባባይ የሚነገር ተረት የሚሰማው ብዙ ዓይነት ሰው ነው። አንዱ ሲነካ ሌላው ይስቃል፤ የተነካውም የሌላውን ሳቅ ሰምቶ እሱም ለመሳቅ ይገደዳል። በዚያ አዳራሽ ግን የተቀመጠው ሁሉ ባለጉዳይ ነበር፤ ከዳር ቆሞ የሚስቅ ሰው አልነበረም። ትችት የሚኖረው ተራ ሰው በአዳራሹ ሲኖር ነው። ትኬት ገዝቶ የገባ ነጋዴ፣ ተማሪ፣ የሰፈር ሰው በሌለበት ሹም ስለ ራሱ ሲሰማ የሚያየው ስድብ ብቻ ነው።

ይህ የእኛ ብቻ ነውር አይደለም። የፈረንሳዊው ደራሲ የሞሊየር «ታርቱፍ»፣ ጸጋዬ ገብረ መድኅን ወደ አማርኛ የመለሱት፣ በ1664 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ታግዶ ለሕዝብ በነፃነት የቀረበው ከአምስት ዓመት በኋላ ነበር። በተቃራኒው የሩሲያው ደራሲ ጎጎል ጉቦኛ ሹማምንትን የሚያፍረከርክ ኮሜዲ ጽፎ በዚያው አቆጣጠር በ1836 በፒተርስበርግ ሲቀርብ ንጉሡ ቀዳማዊ ኒኮላስ ራሱ ተገኝቶ አየው። ኒኮላስ ለስላሳ ገዥ አልነበረም፤ ሆኖም ተቀምጦ ሳቀ፤ ሹማምንቱም አብረው መሳቅ ግድ ሆነባቸው። ተክለ ሐዋርያት የተማሩት በዚያው ከተማ ነው፤ ያን ዓይነት አዳራሽ በአዲስ አበባ ተስፋ አድርገው ከነበረ ተስፋቸው ቀድሞ መጣ ማለት ነው።

የሰውየው ቀሪ ታሪክ ግን ለዛሬው ጉዳያችን ትልቅ ትርጉም አለው። የተሳለቁበትን አስተዳደር ጥለው አልሄዱም። በ1923 ዓ.ም. የወጣውን የኢትዮጵያ የመጀመሪያ የተጻፈ ሕገ መንግሥት ያረቀቁት እሳቸው ናቸው። ሙሶሊኒ ሊወረን ሲዘጋጅ በጄኔቭ የመንግሥታት ማኅበር ፊት የኢትዮጵያን አቤቱታ ይዘው የቆሙትም እሳቸው ናቸው። ቻፕሊን ናፓሎኒን ከባቡር ከማውረዱ ከዓመታት በፊት የእኛው የኮሜዲ ጸሐፊ ከዋናው ሰውዬ ወኪሎች ጋር ፊት ለፊት ተናንቀዋል። በአገሩ ገዥ የሚቀልድ ሰው አገሩን ይጠላል የሚል ክስ ዛሬም በየቦታው እንሰማለን። ለዚህ ክስ ከእሳቸው ሕይወት የተሻለ መልስ አላውቅም።

ከፋቡላ አርባ ዓመት ያህል ቆይቶ ሌላ ሰው መጣ፤ ደራሲ መንግሥቱ ለማ። ሐረር ተወልደው፣ ከአባታቸው ከአለቃ ለማ ኃይሉ የቤተ ክህነቱን እውቀት ቀስመው፣ ለንደን ሄደው የተማሩ፣ በሕንድ በዲፕሎማትነት ያገለገሉ ናቸው። የአባታቸውን ትዝታ በድምፅ ቀርጸው መጽሐፍ ያደረጉ፣ የሊቃውንቱን ቀልድ «የአባቶች ጨዋታ» ብለው ያሰባሰቡ ሰው እንደመሆናቸው የአለቃ ገብረ ሐናንም ወግ፣ የአውሮፓንም መድረክ ያውቁታል። በ1950ዎቹ አጋማሽ ሁለት ኮሜዲዎች ጻፉ፤ «ጠልፎ በኪሴ» እና «ያላቻ ጋብቻ»።

ሁለቱም ስለ ትዳር ናቸው። በሁለቱም ውስጥ የሚወድቀው የተማረው ወጣት ነው፤ ማለትም የደራሲው የራሳቸው ወገን። በ«ያላቻ ጋብቻ» ባሕሩ የተባለ ውጭ አገር የተማረ የባላባት ዘር የከተማውን ድሎት ትቶ ገጠር ገብቶ ያስተምራል፤ የገዛ ቤቱን አገልጋይም ሊያገባ ይነሳል። አክስቱ ትሰማለች። ከዚያ በኋላ ያለውን ጉድ መገመት ነው። ለአክስቲቱ ዘር ማለት ሕግ ነው፣ ሃይማኖት ነው፣ ቤት የሚቆምበት ምሰሶ ነው። አክስቲቱን ክፉ ጭራቅ አድርጎ መሳል ቀላል ነበር። ተመልካቹ ግን በእሷ ውስጥ የገዛ እናቱን ያያል፤ ሳቁም ስለዚህ ቤቱ ድረስ ይከተለዋል።

የዛሬ ተመልካች ሌላም ሰው ይመለከታል። ባሕሩ እኩልነትን ይሰብካል፤ ሆኖም ጌታ እሱ ነው፣ ደመወዝ የሚከፍለው እሱ ነው። ገረዲቱ እምቢ ብትል ምን ይውጣት ነበር? ያ ዘመን የጠየቀው «ባላባት ገረድ ያገባል ወይ?» ብሎ ነው። የእኛ ዘመን ደግሞ «ልጅቷስ ምን አለች?» ብሎ ይጠይቃል። ጥሩ ኮሜዲ ከስልሳ ዓመት በኋላ ያንኑ ሰው በአዲስ መንገድ ሲጥል እንዲህ ነው፤ ያኔ ይበልጥ በአክስትየው ስንስቅ የነበርነው አሁን ይበልጥ በባሕሩ እንስቃለን።

«ጠልፎ በኪሴ» ደግሞ ከዚህ የባሰ ፈተና ውስጥ ያስገባናል። የተማረ ወጣት ነው፤ ሽምግልናው፣ ጥሎሹ፣ ድግሱ የሚያስወጣው ገንዘብ አንገሽግሾታል። መፍትሔው ምን መሰላችሁ? ጠለፋ! ዘመናዊ ነኝ የሚል ሰው ወጪ ለመቆጠብ ሲል የኋላ ቀርነት ምልክት ብሎ የሚያወግዘውን ልማድ ይጠቀማል። በጓደኞቹ ታጅቦ ጀግና ለመሆን ሲሞክር መሳቂያ ይሆናል። ቀልዱ የተሰነዘረው በጠላፊው ላይ ነው፤ ይህ ግልጽ ነው።

ነገር ግን ያ ቴአትር በተጻፈበት ጊዜ ሕጉ ምን ይል ነበር? የ1949ኙ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ጠላፊ የጠለፋትን ሴት በጋብቻ ካሰረ ክሱ እንዲቀር ይፈቅድ ነበር። መሸሻው በሕግ መጽሐፍ ውስጥ ተጽፎለታል። ይህ የተቀየረው በ1997 ዓ.ም. ሥራ ላይ በዋለው የወንጀል ሕግ ነው፤ ሴትን ለጋብቻ መጥለፍ ከሦስት እስከ አሥር ዓመት ጽኑ እስራት ያስቀጣል፣ ጋብቻ መፈጸሙም ከቅጣት አያድንም። በመካከሉ በ1980ዎቹ መጨረሻ በአርሲ የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ጠላፊዋን ተኩሳ ገደለች፤ የኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ጠበቆች ቆመውላት ራሷን በመከላከል ነው ተብላ ነፃ ወጣች። ዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ በዚህ ታሪክ ላይ ተመሥርቶ የሠራው «ድፍረት» የተባለው ፊልም በ2006 ዓ.ም. በሰንዳንስ የተመልካቾች ሽልማት ተቀበለ። በዚያው ዓመት ነሐሴ በብሔራዊ ቴአትር ሲመረቅ ደግሞ በፍርድ ቤት ትእዛዝ ገና እንደተጀመረ ተቋረጠ።

«ድፍረት»ን ያየ ሰው ተመልሶ በ«ጠልፎ በኪሴ» መሳቅ ይችላል? ብዙ ወጣቶች አይቻልም ይሉኛል። እኔ ይቻላል ባይ ነኝ፤ ግን በቅድመ ሁኔታ። ሁለቱ ሥራዎች የሚያዩት ያንኑ ወንጀል ከተለያየ ጎን ነው። «ድፍረት» የልጅቷን ሕመም ያሳየናል፤ በሕመም መቀለድ አይቻልም። «ጠልፎ በኪሴ» የወንዱን ከንቱነት ያሳየናል፤ ከንቱነት ደግሞ ካልተሳቀበት ወግ ነው ተብሎ ይከበራል። አዘጋጁ ቴአትሩን ዛሬ መድረክ ላይ ሲያወጣ ሳቁን ከወንዶቹ ላይ አንዳፍታ አንሥቶ ወደ ልጅቷ ጩኸት ካዞረው ሁሉም ነገር ይበላሻል። ሕግ ጠላፊውን ያስራል፤ ጠለፋ ጀግንነት ነው የሚለውን ትዕቢት ግን ሕግ አያስረውም። እሱን የሚጥለው ሳቅ ነው።

አሁን ወደ ሦስተኛው ክፍል እንለፍ፤ ወደ ስክሪኑ። መንገዱን ባጭሩ ልጥቀስ። ሰማኒያዎቹንና ዘጠናዎቹን የምታስታውሱ ልመንህ ታደሰንና አለባቸው ተካን፣ ደረጀንና ሀብቴን ሳትጠብቁ አልቀራችሁም፤ ቴሌቪዥን ያለው ቤት የጎረቤት ልጆች የሚሞሉበት ዘመን ነበር። በ1999 ዓ.ም. ግድም «የወንዶች ጉዳይ» ሲኒማ ቤቶችን ከሞላ በኋላ «አስቂኝ የፍቅር ፊልም» የሚባለው ዓይነት ፖስተሩን ሁሉ ያዘው። በቴሌቪዥንም «ቤቶች» ለዓመታት የቤተሰብ ጨዋታ ሆኖ ዘለቀ።

በእነዚህ ሥራዎች ብዙ ሳቅ አለ፤ ችሎታ ያላቸው ተዋንያን አሉ። የእኔን ጥያቄ እንደገና ላንሳ፤ ማን ይወድቃል? ደጋግሞ የሚወድቀው ዘበኛው ነው። የቤት ሠራተኛዋ ናት። ከገጠር ትናንት የመጣው ዘመድ ነው፤ ሊፍት ሲያይ የሚደነግጠው፣ ሪሞቱን ስልክ ነው ብሎ ጆሮው ላይ የሚለጥፈው። አማርኛን በሌላ ቋንቋ ቅላጼ የሚናገር ሰው ደግሞ ምንም ሳያደርግ አፉን መክፈቱ ብቻ ያስቃል። የቪላው ባለቤት፣ ከውጭ አገር የተመለሰው፣ መኪናው የሚያብረቀርቀው ሰው ግን ቀጥ ብሎ ይቆማል፤ መጨረሻ ላይም ልጅቷን ያገባል።

ይህ ለምን ሆነ? አንዱ ምክንያት ፍርሃት ነው። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 29 ቅድመ ምርመራን ከልክሏል፤ ያም ሆኖ ለረጅም ዘመን ሳንሱር የለመደ እጅ ሳይነኩት ይኮማተራል። የሹም ገጸ ባሕርይ የሚጽፍ ሰው ስሙን፣ መሥሪያ ቤቱን፣ ክልሉን እያሰበ ይሰርዛል። ሁለተኛው ምክንያት ገበያ ነው። ትኬት የሚገዛው የከተማ ወጣት ጥንድ ነው፤ በራሱ እንዲስቅ የሚጠይቀውን ፊልም ሁለተኛ አያየውም ተብሎ ይፈራል። ዘበኛው ግን ትኬት አይገዛም፤ አቤት የሚልበትም ቦታ የለውም። ስለዚህ ቀልዱ ሁሉ ወደሱ ይንከባለላል።

በዚህ ላይ የሚነሳውን ተቃውሞ ሳልሰማ አላልፍም። «ዘበኛውና ሠራተኛዋ የሚሳቅባቸው ብቻ አይደሉም፤ ብልሆቹም እነሱ ናቸው፤ ቤቱን የሚያተርፉት እነሱ ናቸው» ይባላል። እውነት አለው። የባላገር ብልሃት ከተሜውን ሲያሸንፍ ማየት የቆየ ወጋችን ነው፤ «ቤቶች»ም ብዙ ተመልካች የወደደው ጌቶቹ የማያዩትን ዘበኛውና ሠራተኛዋ ስለሚያዩ ይመስለኛል። ሁለቱ ዓይነት ሳቆች ግን በአንድ ክፍል ውስጥ ሊቀላቀሉ ይችላሉና መለየት ያስፈልጋል። ሠራተኛዋ በእመቤቷ ግብዝነት ስትቀልድ ከፍ ያለው ወረደ። ሠራተኛዋ የምግብ ስም ስለተሳሳተች ብቻ አዳራሹ ሲንጫጫ ግን የወረደ የለም፤ መሬት ላይ ያለች ሰው ላይ ቆመን ነው የሳቅነው።

ነገሩን ከቅርብ ለማየት ሩቅ መሄድ አያስፈልገንም፤ አንድ ትዕይንት እዚሁ ሰሚት ኮንዶሚኒየም ውስጥ እናዘጋጅ። ውሃ ከጠፋ ሰንብቷል። ሌሊት ላይ ከታች ያለው ቧንቧ ሲንፎለፎል አንዱ ይሰማና ብሎኩ ሁሉ ይነቃል። ቢጫ ጀሪካን በየደረጃው ይንቋቋል። ነጠላ ጫማ፣ የሌሊት ልብስ፣ የስልክ መብራት። አራተኛ ፎቅ የምትሠራ ልጅ ሁለት ሙሉ ጀሪካን ይዛ እየወጣች እርጥቡ ደረጃ ላይ ተንሸራተተች እንበል። ካሜራው በዚህ ቢስቅ የማልስቀው እኔ ብቻ አልሆንም፤ ያቺን ደረጃ የሚያውቅ ሁሉ ወገቡን ያመዋል።

አሁን ሰውየውን እንቀይረው። የብሎኩ ኮሚቴ ሰብሳቢ ነው። ጠዋት በስብሰባ ላይ ውሃው በተራ ይቀዳ፣ ማንም ከሁለት ጀሪካን በላይ አይውሰድ ብሎ ቃለ ጉባኤ አስፈርሟል። ሌሊት ግን ማንም ሳያየው ቤቱ ያለውን በርሜል ሊሞላ በጨለማ ስድስተኛውን ጀሪካን ተሸክሞ ይወጣል። በጣቱ ይራመዳል። ሳል ይይዘዋል፤ ይውጠዋል። ሦስተኛ ፎቅ ሲደርስ አንድ በር ይከፈታል። እሱም ጀሪካኑን ከኋላው ሊደብቅ ሲዞር አዳለጠው፤ ጀሪካኑ ደረጃውን ሁሉ እየደለቀ ወረደ፣ ክዳኑ ተፈናጠረ፣ ውሃው እንደ ፏፏቴ ጎረፈ፣ በሮች ሁሉ ተከፈቱ። እሱ ግን ተቀምጦበት ካለው ኩሬ ሳይነሳ ጉሮሮውን ጠርጎ «ውሃ የሚያባክነው ማነው?» ብሎ ይጠይቃል።

ያው ደረጃ፣ ያው ውሃ፣ ያው አወዳደቅ ነው። ሁለተኛው ግን ኮሜዲ ሆነ፤ ትችትም ሆነ። ስለ ውሃ እጥረት፣ ደንብ አውጪው ደንቡን እንዴት እንደሚዘል፣ ሥልጣን ትንሽ ስትሆንም እንዴት ጭንቅላት ላይ እንደምትወጣ ማንም ሳይሰብክ ተናገረ። የዚህ ፊልም ወጪ ደግሞ አንድ ደረጃና ጥቂት ጀሪካን ነው። ዕጣ የወጣለት ጡረተኛ፣ ተከራይቶ የገባ ነጋዴ፣ ከውጭ የተመለሰ፣ ከክፍለ ሀገር የመጣች ሠራተኛ አንድ ደረጃ እየወጡ የሚወርዱበት ሰፈር ውስጥ የምትኖሩ ወጣት ጸሐፊዎች የኮሜዲ ርእስ አጣን ብትሉ አላምናችሁም።

ከመጨረሴ በፊት ያልኩትን ልሰብስብ። የአካል ቀልድ ተራ ነገር አይደለም፤ ሰው ሠራሽ ከፍታን ያፈርሳል። ፋቡላ ባለሥልጣንን ስለነካ ታገደ፤ ጸሐፊው ግን አገራቸውን ሕግ በመጻፍም በጄኔቭ በመሟገትም አገለገሉ። መንግሥቱ ለማ ቀልዱን በገዛ ወገናቸው ላይ ስላነጣጠሩ ሥራቸው ዛሬም ያከራክረናል። ያለንበት ዘመን ስክሪን ግን ብዙ ጊዜ ቀላሉን መርጧል።

ስለዚህ ሦስት ልመና አለኝ። ለምትጽፉና ለምትተውኑ ልጆች፦ በምትጽፉት ኮሜዲ ውስጥ መጀመሪያ የሚወድቀው እናንተን የሚመስል ሰው ይሁን። ራሱን ያላስቀረ ጸሐፊ ወደ ላይ ለመቀለድ መብቱን ያገኛል፤ ተመልካቹም ያምነዋል። ወንበር ላይ ላላችሁ፣ ወንበሩ የዕድርም ይሁን የመሥሪያ ቤት፦ ሲቀለድባችሁ ተቀምጣችሁ ስሙ። የሳቀ ሹም ሥልጣኑን አያጣም፤ የማይሰማ ሹም ግን ሰዎች ከኋላው የሚሉትን ሳያውቅ ይኖራል። ለእኛ ለተመልካቾች ደግሞ፦ ከሲኒማ ስንወጣ፣ ቴሌቪዥኑ ሲዘጋ ልጆቻችን ባሉበት የሳቅንበትን ሰው እናንሳው። በማን እንደሳቅን ስንነግራቸው ማንን ማክበር እንዳለባቸውም እያስተማርናቸው ነው። እቤታችሁ የምትሠራው ልጅ አብራችሁ ያንን ፊልም እያየች ከሆነ ደግሞ ፊቷን እዩ፤ እሷ ያልሳቀችበት ቦታ ላይ ጸሐፊው ሰንፏል፣ እኛም አብረነው ሰንፈናል።

አሁን ጥያቄዎቻችሁን እቀበላለሁ፤ የኮሚቴ ሰብሳቢዎች ካላችሁ ቅድሚያውን ለእናንተ እሰጣለሁ።